ወደ ካሜኒ ደሴቶች፦ በሳንቶሪኒ እሳተ ገሞራ የአንድ ቀን የጀልባ ጉብኝት

ሳንቶሪኒ በደቡባዊው የኤጂያን ባሕር፣ ከአቴንስ ወደብ ከፒሬየስ በመርከብ ከአምስት እስከ ስምንት ሰዓት የምታስኬድ የግሪክ ደሴት ናት። በመንግሥት መዝገብ ስሟ ቲራ ነው። በፎቶግራፍ የሚያውቃት ሰው በገደል አፋፍ ላይ የተደረደሩትን ነጫጭ ቤቶችና ሰማያዊ ጉልላት ያላቸውን አብያተ ክርስቲያናት ያስታውሳል። ከቤቶቹ ቁልቁል፣ በባሕሩ መካከል የተጋደሙትን ሁለት ጥቁር ደሴቶች ግን ልብ የሚላቸው ጥቂት ነው። አንደኛዋ ፓሌያ ካሜኒ፣ ሁለተኛዋ ኔያ ካሜኒ ትባላለች፤ አሮጌዋና አዲሷ የተቃጠለች ደሴት እንደማለት ነው። እሳተ ገሞራው ዛሬም በሕይወት ያለው በእነርሱ ሥር ነው። ከሚያዝያ እስከ ጥቅምት ባሉት ወራት በየቀኑ ጎብኚ የጫኑ ጀልባዎች ወደ እነርሱ ይመላለሳሉ። ጉዞው የተጨናነቀና ጥድፊያ የበዛበት ነው ተብሎ ይታማል፤ ሐሜቱ እውነት አለው። ሆኖም ሳንቶሪኒ ምን ዓይነት ቦታ እንደሆነች ለመረዳት ከገደሉ አናት ላይ ቡና ይዞ ከመቀመጥ ይልቅ ከታች ከውኃው ላይ ሆኖ ቀና ብሎ ማየት ይበልጣል። (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ወራትና ዓመታት እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ባሕር የገባበት ጉድጓድ

ጀልባዎቹ የሚጓዙት ካልዴራ በሚባለው ጉድጓድ ውስጥ ነው። እሳተ ገሞራ ከሥሩ የተጠራቀመውን ቅልጥ አለት በአንድ ጊዜ ሲተፋ፣ ባዶ በቀረው ክፍል ላይ ያለው መሬት ተደርምሶ ይወርዳል፤ ካልዴራ የሚፈጠረው እንዲህ ነው። የሳንቶሪኒው ካልዴራ 11 ኪሎ ሜትር ያህል ርዝመትና 7 ኪሎ ሜትር ያህል ስፋት አለው። ዙሪያውን የከበቡት ገደሎች በአንዳንድ ቦታ ከባሕሩ ወለል 300 ሜትር ያህል ይነሣሉ፤ ውኃው ደግሞ ጥልቅ በሆነበት ቦታ 400 ሜትር ይጠጋል። ቲራ፣ ቲራሲያና ትንሿ አስፕሮኒሲ የተባሉት ደሴቶች የዚህ ጉድጓድ ከንፈሮች ናቸው።

ጉድጓዱ በአንድ ጊዜ የተፈጠረ አይደለም፤ ፍንዳታና መደርመስ ከአንድ ጊዜ በላይ ተፈራርቀውበታል። የዛሬውን መልክ የሰጠው ግን ከ3,600 ዓመታት ገደማ በፊት የደረሰው ታላቅ ፍንዳታ ነው፤ ትክክለኛ ዘመኑን ምሁራን እስከ ዛሬ ይከራከሩበታል። ከጀልባው ላይ ገደሉን የሚያይ ሰው ታሪኩን በንብርብር ያነብበዋል፦ ጥቁር፣ ቀይና ቡናማ አለት እየተደራረበ ወጥቶ፣ ከሁሉም በላይ ነጣ ያለ ወፍራም የአመድ ልባስ ይታያል። ያ የላይኛው ልባስ የዚያ ታላቅ ፍንዳታ ቅሪት ነው። በደሴቲቱ ደቡብ የምትገኘውን የአክሮቲሪን ከተማ የቀበራትም ይኸው አመድ ነው። ከ1967 ጀምሮ በተካሄደው ቁፋሮ ፎቅ ያላቸው ቤቶች፣ የፍሳሽ ቦዮችና ግድግዳ ሙሉ ሥዕሎች ወጥተዋል። በአመዱ ሥር ተይዘው የቀሩ ሰዎች አፅም ግን አልተገኘም፤ ነዋሪዎቹ በቅድሚያ የመጣው የመሬት መንቀጥቀጥ አስጠንቅቋቸው ሳይሸሹ አልቀሩም ተብሎ ይታመናል።

የእሳቱ ምንጭ ከአፍሪካ ጋር የተያያዘ ነው። አህጉራችንን የተሸከመው የምድር ቅርፊት ሰሜናዊ ጫፉ ከቀርጤስ ደሴት በስተደቡብ በኤጂያን ሥር እየጠለቀ ይሄዳል፤ በጥልቀት ሲደርስ ከሚለቀው ውኃ የተነሣ ከላዩ ያለው አለት ይቀልጣል። በአፋር ምድሩ እየተራራቀ ሲሰነጠቅ፣ በኤጂያን ደግሞ እየተገፋ ይጠልቃል። የኤርታ አሌ ላቫ (ወደ ውጭ የወጣው ቅልጥ አለት) ቀጭንና ፈሳሽ ሆኖ እንደ ልቡ ሲፈስስ፣ የካሜኒው ወፍራምና የሚጎተት የሆነውም በአፈጣጠራቸው ልዩነት ምክንያት ነው።

የደሴቶቹ ልደት

ካሜኒዎቹ ከታላቁ ፍንዳታ በኋላ ከካልዴራው ወለል ቀስ በቀስ የተገነቡ ናቸው፤ የተወለዱበት ቀን ከነምስክሩ የተጻፈላቸው ደሴቶች በዓለም ላይ ብዙ አይደሉም። ጂኦግራፈሩ ስትራቦ እንደጻፈው፣ በቲራና በቲራሲያ መካከል እሳት ከባሕሩ ወጥቶ ለአራት ቀናት ነደደና ደሴት ብቅ አለች፤ ይህ ከክርስቶስ ልደት በፊት በ197 የሆነ ነው። ፓሌያ ካሜኒ በ46 እና በ47 ዓ.ም. ወጣች፤ በ726 ደግሞ ሌላ ፍንዳታ ጨመረባት። በ1570ዎቹ ሚክሪ ካሜኒ የተባለች ትንሽ ደሴት ተወለደች። ኔያ ካሜኒ ከ1707 እስከ 1711 ባለው ጊዜ ተነሥታ፣ ከ1866 እስከ 1870 በእጅጉ ሰፋች፤ ከ1925 እስከ 1928 ባለው ፍንዳታ ትንሿን ጎረቤቷን ውጣ አንድ ሆኑ። ከ1939 እስከ 1941 እንደገና ነደደች። የመጨረሻው ፍንዳታ በ1950 መጀመሪያ የተፈጸመ ትንሽ ፍንዳታ ነው። ስለዚህ ጎብኚው ከሚረግጠው ድንጋይ ከፊሉ በሕይወት ካሉ አዛውንቶች ብዙም አይበልጥም።

ጉዞው እንዴት ይካሄዳል

መነሻው ሁለት ቦታ ነው። አንደኛው ከዋና ከተማዋ ከፊራ ሥር የሚገኘው አሮጌው ወደብ ነው። ወደ እርሱ የሚወረደው በኬብል ካር (በሽቦ ገመድ ላይ በተንጠለጠለ ሳጥን)፣ ወይም 600 ያህል ደረጃዎችን በእግር፣ ወይም በአህያና በበቅሎ ነው። እኛ ዘንድ ሰው የሚቀመጥባት በቅሎ ስለሆነች አህያ ላይ ወጥቶ ገደል የሚወርድ ጎልማሳ ማየት ፈገግ ያሰኝ ይሆናል፤ ነገሩ ግን አያስቅም። እንስሳቱ በፀሐይ ሲመላለሱ ይውላሉና ለዓመታት ክስ ሲቀርብበት ቆይቶ፣ የግሪክ መንግሥት በ2018 ጭነታቸው ከ100 ኪሎ ግራም ወይም ከክብደታቸው አንድ አምስተኛ እንዳይበልጥ ደንብ አውጥቷል። በእግር የሚወርድም ቢሆን ደረጃውን ከእነርሱ ጋር ይጋፋል፤ ድንጋዩ በፋንድያና በብዛት በመረገጡ የሚያንሸራትት ነው። ሁለተኛው መነሻ ትልልቆቹ መርከቦች የሚቆሙበት የአቲኒዮስ ወደብ ነው፤ በዚህ በኩል ለሚሄዱ አዘጋጆቹ ብዙውን ጊዜ ተጓዡን ከሆቴል አካባቢ በአውቶቡስ ያነሡታል።

ጀልባዎቹ በአብዛኛው በአሮጌ የግሪክ መርከቦች አምሳል ከእንጨት የተሠሩ ናቸው። ሸራቸው ለዓይን ያህል ይሰቀላል እንጂ የሚነዳቸው ሞተር ነው። አጭሩ ጉዞ ኔያ ካሜኒንና ፍል ውኃውን ብቻ አዳርሶ ሦስት ሰዓት ያህል ፈጅቶ ይመለሳል። ረዘም ያለው ቲራሲያን ይጨምራል። ቀኑን ሙሉ የሚወስደው ደግሞ በኢያ መንደር ሥር ሆኖ የፀሐይን መጥለቅ አሳይቶ ይመልሳል። ኪሱ የሚችል ሰው ጥቂት ሰዎችን ብቻ የሚይዝ ካታማራን (ባለ ሁለት ቀፎ ጀልባ) ይከራያል፤ ነገር ግን ብዙዎቹ የካታማራን ጉዞዎች ኔያ ካሜኒን ዞረው ያልፋሉ እንጂ ተሳፋሪውን መሬት አያስረግጡም። እሳተ ገሞራውን ማየት የሚፈልግ ሰው ትኬት ከመቁረጡ በፊት ይህንን መጠየቅ አለበት።

በኔያ ካሜኒ ጀልባዎቹ እርስ በርሳቸው ተጣብቀው ይቆማሉ፤ አርፍዶ የደረሰው ተሳፋሪ በሌሎቹ ጀልባዎች ወለል ላይ እየተሻገረ ይወርዳል። በወደቡ ላይ ከጉዞው ዋጋ የተለየ የጥቂት ዩሮ መግቢያ ይከፈላል። ከዚያ ጠጠር የበዛበት መንገድ ወደ ላይ ይወጣል። ደሴቲቱ ከፍታዋ ከ130 ሜትር አይበልጥም፤ ሆኖም ዛፍ የለ፣ ጥላ የለ፣ የሚጠጣ ውኃ የለ፤ በሐምሌ ፀሐይ ጥቁሩ ድንጋይ ከሥር ይጋረፋል። ግራና ቀኙ ዳሳይት የሚባል የላቫ ቋጥኝ ክምር ነው፤ ጠርዙ እንደ ተሰበረ ጠርሙስ የሰላ ስለሆነ ነጠላ ጫማ ያደረገ ሰው ቶሎ ይጸጸታል። በቆየው ላቫ ላይ ሣር ብቅ ብቅ ብሏል፤ በአዲሱ ላይ ምንም የለም ማለት ይቻላል።

አናት ላይ ሲደረስ የሚጠበቀው ቀይ ላቫ አይገኝም፤ ብዙ ሰው እዚህ ላይ ቅር ይለዋል። ያለው ከ1866ቱ ፍንዳታ የቀረ፣ በግሪክ ንጉሥ በጊዮርጊስ ቀዳማዊ ስም የተሰየመ ጎድጓዳ የእሳተ ገሞራ አፍና ከስንጥቆቹ የሚወጣ ድኝ ድኝ የሚል እንፋሎት ነው። አስጎብኚዎቹ ሰዎች እጃቸውን ወደ ስንጥቁ እንዲያስጠጉ ያደርጋሉ፤ ትንፋሹ ያቃጥላል፣ የድንጋዩ ከንፈር ድኙ ረግቶበት ቢጫ ሆኗል። ከአጠገቡ የሚታዩት የብረት ሳጥኖችና ምሰሶዎች የመሬቱን መተንፈስና መንቀጥቀጥ የሚመዘግቡ መሣሪያዎች ናቸው። ከ2011 እስከ 2012 ባለው ጊዜ እነዚህ መሣሪያዎች ካልዴራው በሴንቲ ሜትሮች የሚለካ እብጠት እንዳሳየ መዝግበዋል፤ ከሥር ቅልጥ አለት ገብቶ ነበር፤ ሳይፈነዳ ረገበ።

ቀጥሎ ያለው የፓሌያ ካሜኒው ፍል ውኃ ነው። ስሙ ከግብሩ ይበልጣል። ሙቀቱ ከ30 እስከ 35 ዲግሪ ሴንቲ ግሬድ ስለሆነ፣ ወንዶ ገነትን ወይም የአዲስ አበባውን ፍል ውኃ ለለመደ ሰው ለብ ያለ ነው። ጀልባው ወደ ዳር ስለማይጠጋ ተጓዡ ከቀዝቃዛው ባሕር ውስጥ ዘልሎ እየዋኘ ወደ ሞቃቱ ሰርጥ ይገባል፤ ዋና የማይችል ሰው ከጀልባው ላይ ቢቀር ይሻላል። ውኃው በብረት ማዕድን የተነሣ ዝገት ይመስላል፤ ነጭ የዋና ልብስ ለብሶ የገባ ቡናማ ለብሶ ይወጣል፤ የብር ጌጥም ይጠቁራል። ከዳር የቅዱስ ኒቆላዎስ ትንሽ ነጭ ቤተ ክርስቲያን አለች፤ ኒቆላዎስ የባሕርተኞች ጠባቂ ስለሆነ በግሪክ ወደቦች ስሙ የማይጠራበት የለም።

ቲራሲያ

ሰዓት ያለው ሰው ረዘም ያለውን ጉዞ ይምረጥ የሚያሰኘው ቲራሲያ ነው። ከታላቁ ፍንዳታ በፊት ከቲራ ጋር አንድ መሬት የነበረችው ይህች ደሴት ጥቂት መቶ ነዋሪዎች ብቻ አሏት፤ ሳንቶሪኒ ቱሪስት ሳይወርራት በፊት ምን ትመስል እንደነበር ታሳያለች። ጀልባው ኮርፎስ በሚባለው ትንሽ ወደብ ለምሳ ያቆማል፤ ዋናዋ መንደር ማኖላስ ከላይ በገደሉ አፋፍ ላይ ናት።

በምሳው ገበታ ላይ ለኢትዮጵያዊ ተጓዥ የሚገርም ነገር አለ። ፋቫ የሚሉት የደሴቶቹ ዝነኛ ምግብ ከቢጫ ክክ ተፈጭቶና ተቀቅሎ፣ በወይራ ዘይትና በሽንኩርት የሚቀርብ ነው፤ መልኩና ውፍረቱ ከአልጫ ሽሮ ብዙ አይርቅም። እህሉ የእኛው የጓያ የቅርብ ዘመድ ነው፤ ሁለቱም በአንድ የዕፅዋት ወገን ውስጥ ይመደባሉ። በአውሮፓ ኅብረት ሕግ መነሻው የተጠበቀለት ይህ ክክ ዝናብ ባነሰበት አመዳም መሬት ላይ ይበቅላል። የጾም ምግብም ስለሆነ፣ በነሐሴ በፍልሰታ ወቅት የሚጓዝ ጾመኛ በቲራሲያ አይቸገርም።

ቲራሲያ ሌላም ታሪክ አላት። የገደሎቿ ነጭ አመድ ከኖራ ጋር ሲደባለቅ በውኃ ውስጥ የሚጠነክር ሲሚንቶ ይሆናል። በ1860ዎቹ የሱዌዝ ቦይ ሲሠራ ለግንባታው ከዚህ አመድ በብዛት ተቆፍሮ በመርከብ ተጫነ። ቆፋሪዎቹ አመዱን ሲንዱ ከሥሩ የቤት ግድግዳና የሸክላ ዕቃ አገኙ። አክሮቲሪ ከመገኘቷ 100 ዓመት በፊት፣ ከፍንዳታው አስቀድሞ በደሴቶቹ ላይ ሕዝብ ይኖር እንደነበር ዓለም ያወቀው በዚህ አጋጣሚ ነው። የተቆፈረው የገደል ቁስል ዛሬም ከጀልባው ላይ ይታያል፤ አስጎብኚዎች ብዙውን ጊዜ ሳያነሡት ያልፋሉ።

ስጋቱና ግርግሩ

ካልዴራው ለመርከበኛ ቀላል አይደለም። ሚያዝያ 5 ቀን 2007 ሲ ዳይመንድ የተባለችው የሽርሽር መርከብ ከአቲኒዮስ አቅራቢያ ከቋጥኝ ተጋጭታ በማግሥቱ ሰጠመች። ከ1,000 በላይ መንገደኞች ሲተርፉ ሁለት ፈረንሳውያን የደረሱበት ጠፋ፤ መርከቧ እስከ ዛሬ በካልዴራው ውስጥ ናት። በሐምሌና በነሐሴ የሚነፍሰው ሜልቴሚ የተባለው የሰሜን ነፋስ ሲበረታ ጉዞዎች ይሰረዛሉ።

በ2025 ከጥር መጨረሻ ጀምሮ በሳንቶሪኒና በአሞርጎስ ደሴት መካከል በሺዎች የሚቆጠሩ የመሬት መንቀጥቀጦች ተመዘገቡ፤ የትልቁ መጠን 5.3 ደረሰ። ከ11,000 በላይ ሰዎች ደሴቲቱን ለቅቀው ወጡ፤ ትምህርት ቤቶች ተዘጉ፤ የአስቸኳይ ጊዜ ሁኔታ ታወጀ። ከዚያ ጥቂት ሳምንታት ቀደም ብሎ በእኛም አገር በአዋሽ ፈንታሌ ምድር ስትንቀጠቀጥ ሰንብታ ሕዝብ ተፈናቅሎ ነበር። የሁለቱ መነሻ ቢለያይም በሁለቱም ቦታ ከሥር የተንቀሳቀሰው ቅልጥ አለት ነበር። ከሳንቶሪኒ በስተሰሜን ምሥራቅ ጥቂት ኪሎ ሜትሮች ርቆ ኮሉምቦ የሚባል ከባሕር በታች ያለ እሳተ ገሞራ አለ፤ በ1650 ፈንድቶ በመርዛም ጋዝና በማዕበል 70 ያህል ሰዎችን ገድሏል። የቀን ጉዞዎቹ ስለ እርሱ እምብዛም አያወሩም፤ በደሴቲቱ ታሪክ ግን ከካሜኒዎቹ የበለጠ ሰው የገደለው እርሱ ነው።

ለዕለታዊው ተጓዥ ግን ትልቁ ፈተና ሌላው ተጓዥ ነው። 15,000 ያህል ነዋሪ ባላት ደሴት በአንድ ቀን ከመርከብ ብቻ 17,000 ሰው የወረደበት ጊዜ ነበር። ቁጥሩ በቀን 8,000 እንዲወሰን ተደርጎ፣ ከሐምሌ 2025 ጀምሮ ደግሞ ሙቀት በሚበረታባቸው ወራት በሽርሽር መርከብ በሚመጣ በእያንዳንዱ መንገደኛ ላይ መንግሥት 20 ዩሮ ጥሏል። በተግባር የሚበጀው በማለዳው ጀልባ መሄድ ወይም ጉዞውን በግንቦትና በመስከረም ማድረግ ነው። ሽፍን ጫማ፣ ባርኔጣ፣ በቂ ውኃና ለመግቢያው የሚሆን ጥሬ ገንዘብ መያዝ ያሻል። ከጉዞው በፊት በነበረው ምሽት ስለ ነፋሱ ሁኔታና ጎብኚዎች ወደ ኔያ ካሜኒ እንዲወርዱ ተፈቅዶ እንደሆነ አዘጋጁን መጠየቅ ይገባል፤ ሲከለከል ጀልባው ደሴቲቱን ዞሮ ይመለሳል፤ ክፍያው ሙሉ በሙሉ ይመለስ አይመለስ እንደሆነ ደግሞ ገንዘቡን ከመስጠት በፊት የሚጣራ ነው።