ካሳው አነሰኝ፤ 60 ቀኑ ከመቼ ይቆጠራል?

እዚህ ቱሉ ዲምቱ በኩል አንድ ጥያቄ ደጋግሞ ይነሳል። መኪና ገጭቶኝ ፍርድ ቤት ካሳ ወሰነልኝ፣ ግን አነሰ፤ ይግባኝ የምለው እስከ መቼ ነው? በፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 323 መሠረት ፍርዱ ከተሰጠበት ቀን አንስቶ 60 ቀን ነው። የፍርዱን ግልባጭ ከወሰዳችሁበት ቀን አይደለም! ብዙ ሰው የሚሳሳተው እዚህ ጋ ነው።

አንድ የቀን ሠራተኛ አይሱዙ እግሩን ሰበረው እንበል። 400,000 ብር ጠይቆ፣ ጥር 5 ቀን 150,000 ተፈረደለት። ወራችን 30 ቀን ስለሆነ ሒሳቡ ቀላል ነው፣ እስከ መጋቢት 5 ድረስ ማለት ነው (በመሃል ጳጉሜ ካለች ግን ቀኑ ይቀድማል፣ ተጠንቀቁ)። ስለዚህ ግልባጩን በዚያው ሳምንት ጠይቁ። ቀኑ ካለፈ ማስፈቀጃ (ዘግይቶ ይግባኝ ለማለት ፈቃድ የሚጠየቅበት ማመልከቻ) ማቅረብ ይቻላል፤ ምክንያቱ በቂ ነው ወይስ አይደለም የሚለውን ግን ዳኛው ነው የሚመዝነው፣ ከጉዳይ ጉዳይ ይለያያል።

ደግሞ "አነሰኝ" ብቻ አይበቃም። ፍርዱ የዘለለውን ማስረጃ አሳዩ፣ ለምሳሌ የሐኪሞች ቦርድ የጻፈውን የጉዳት መጠን። መጀመሪያ ያላቀረባችሁትን ደረሰኝ ይግባኝ ላይ አወጣዋለሁ ማለት አብዛኛውን ጊዜ አይሠራም።