በጎጃም መሬት ለመንግሥት ሥራ ሲወሰድ የሚከፈል ካሳ

ጎጃም ውስጥ መሬቱ ለመንገድ፣ ለግድብ፣ ለከተማ ማስፋፊያ ወይም ለኢንዱስትሪ ፓርክ የተወሰደበት ሰው «የልማት ተነሺ» ይባላል። የሚከፈለው ካሳ የመሬቱ ዋጋ አይደለም። ይህን እስኪደርስበት የማያውቅ ሰው ብዙ ነው። ቤቱ፣ አጥሩ፣ ጉድጓዱ፣ ባሕር ዛፉ፣ ሰብሉ ይገመታል። መሬቱ ግን በሕግ የመንግሥትና የሕዝብ ስለሆነ ሒሳቡ ውስጥ አይገባም።

ድሮ እንዲህ አልነበረም። የጎጃም መሬት በአብዛኛው ርስት ነበር። ከዋናው አባት ትውልዱን የቆጠረ፣ ወንድም ይሁን ሴት፣ ድርሻዬን ማለት ይችላል። «በርስትና በሚስት ቀልድ የለም» የሚባለውም በከንቱ አይደለም። የጎጃም ገበሬ መሬቱን በገመድ ለሚለካ ሹም በቀላሉ እጅ የሰጠ ሰው አይደለም፤ ልኬት ማለት ርስትን መንጠቅ ነው ብሎ ያምን ነበር። በ1960 ዓ.ም. የእርሻ ገቢ ግብር ሲታወጅ ሞጣ፣ ቢቸናና ዳሞት ላይ የተነሣው አመፅም ከዚሁ ስጋት የመጣ ነው። ባላባቶች ቆስቁሰውት ነው የሚሉ አሉ። ሊሆን ይችላል፤ ጠመንጃ ይዞ የወጣው ግን ገበሬው ነው። በመጨረሻም ጠቅላይ ገዥው ከሥልጣን ተነሡ፣ ውዝፍ ግብሩም ተማረ።

በወረቀት ላይ ያኔም ሕግ ነበር። የ1948ቱ የተሻሻለ ሕገ መንግሥት ያለ ተገቢ ካሳ ንብረት አይወሰድም ይላል። የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ ደግሞ ከአንቀጽ 1460 ጀምሮ ስለ ማስለቀቅ በዝርዝር ደንግጓል፤ ካሳው ባለቤቱ ላይ ከደረሰው እውነተኛ ጉዳት ጋር እኩል ይሁን ይላል። ያኔ መሬቱ ራሱ ዋጋ ነበረው።

የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. ይህ አበቃ። በአዋጅ ቁጥር 31/1967 የገጠር መሬት ሁሉ የሕዝብ ሆነ፣ ለመሬቱም ካሳ ቀረ። በ1989 ዓ.ም. በአማራ ክልል የተካሄደው የመሬት ሽግሽግ ጎጃም ላይ በጣም ከብዷል። «ቢሮክራት» (በደርግ ዘመን ሹም የነበረ) ወይም «የፊውዳል ርዝራዥ» ተብሎ የተፈረጀ ሰው አራት ጥማድ (አንድ ሄክታር) ገደማ ተትቶለት ቀሪው ለሌላ ተሰጠ። ስለዚያ ዘመን ሽማግሌዎችን ብትጠይቁ ካሳ የሚለው ቃል ጭራሽ አይነሣም።

አሁን ያለው ሥርዓት የሚጀምረው ከ1987ቱ ሕገ መንግሥት ነው። አንቀጽ 40 መሬቱን ለመንግሥትና ለሕዝብ ሰጥቶ፣ ባለይዞታው በጉልበቱና በገንዘቡ ላፈራው ንብረት ቅድሚያ ተመጣጣኝ ካሳ ይከፈለው ይላል። ይህን ለማስፈጸም አዋጅ ቁጥር 455/1997 ወጣ፣ ቀጥሎ ደንብ ቁጥር 135/1999። ጎጃም ውስጥ የሚነሣው አብዛኛው ቅሬታ የተፈጠረው በእነዚህ ሁለቱ ጊዜ ነው። ስለዚህ ስሌቱን ማየት ይጠቅማል።

አንድ ጥማድ በቆሎ ያለው ገበሬ እንውሰድ። ጥማድ ሩብ ሄክታር ገደማ ነው፣ ማለትም 2,500 ካሬ ሜትር። በሄክታር 30 ኩንታል ከተገመተ ምርቱ 7.5 ኩንታል ይሆናል። ለምሳሌ ያህል ኩንታሉን 1,000 ብር ብንለው የዓመቱ ገቢ 7,500 ብር ነው። የድሮው አዋጅ፣ 455/1997፣ ለመፈናቀያ ካሳ ያለፉትን አምስት ዓመታት አማካይ ወስዶ በአሥር ያባዛ ነበር፤ ስለዚህ 75,000 ብር። ችግሩ አማካዩ ላይ ነው። ዋጋ በየዓመቱ በሚንርበት አገር የአምስት ዓመት አማካይ ሁልጊዜ ከዛሬው ገበያ በታች ነው። ከዚያ ላይ ገንዘቡ ዘግይቶ ሲመጣ አስቡት። በሬ እንኳ የማይገዛ ካሳ ይባላል፤ ማጋነን ነው፣ ግን የመጣበት አለው።

ሌላም ነበር። በዚያ አዋጅ ጊዜ በገጠር ግምቱን የሚያወጣው ወረዳው የሰየመው ኮሚቴ ነበር። በካሳው መጠን ያልተስማማ ይግባኝ ማለት ይችል ነበር፤ ግን መጀመሪያ መሬቱን ማስረከቡን የሚያሳይ ማስረጃ ይዞ መምጣት ነበረበት። ማስረከቢያው ካሳ በተከፈለ በ90 ቀን ውስጥ ነበር፣ ሰብል ከሌለበት ደግሞ በ30 ቀን። ክርክሩ ሳያልቅ ዶዘር ይገባ ነበር ማለት ነው።

በአዋጅ ቁጥር 1161/2011 ነገሩ ተሻሻለ፣ ይህን መካድ አይቻልም። ምትክ መሬት ላላገኘ ተነሺ ካለፉት ሦስት ዓመታት ከፍተኛው ገቢ በ15 ይባዛል። የማኅበራዊ ትስስር መቋረጥና የሥነ ልቦና ጉዳትም ካሳ አለው። ከዕድርና ከማኅበር ተለይቶ ለሚሄድ ሰው ይህ ትንሽ ነገር አይደለም። በ2016 ዓ.ም. አዋጁ እንደገና ተሻሻለ፤ የፌዴራል ፕሮጀክቶች የካሳ ሸክምም ወደ ክልሎች ዞረ። የክልሉ ካዝና ይችለዋል ወይ? እኔ አይመስለኝም።

ከፕሮጀክቶች ሁሉ ብዙ የተጻፈለት ቆጋ ነው። መርዓዊ አጠገብ፣ ሜጫ ወረዳ፣ በግልገል አባይ ገባር ላይ የተሠራ ግድብ ሲሆን የታቀደው 7,000 ሄክታር ገደማ ለማልማት ነበር። ገንዘቡን በዋናነት ያበደረው የአፍሪካ ልማት ባንክ ነው። የግጦሽና የእርሻ መሬት በውኃ ተውጧል። ካሳው መዘግየቱ ያስነሣው ቅሬታ ብዙ ነው። መስኖው ብዙ ቤት ማቅናቱም እውነት ነው፤ ያቀናው ግን ሁልጊዜ የተነሺውን ቤት አይደለም።

ባሕር ዳር ዙሪያ ሌላ ጣጣ አለ። ከተማዋ እየሰፋች መሆኑን የሰማ ገበሬ በካሳ ከምነሣ ልሽጠው ብሎ በጓሮ ይሸጣል፣ ገዢው በአንድ ሌሊት የጨረቃ ቤት ያቆማል። ሕጋዊ ይዞታ ስለሌለው ሲፈርስ ካሳ የለውም። የሻጩም ገንዘብ ብዙ ጊዜ ያኔ አልቋል።

የይዞታ ደብተርም የካሳው ቁልፍ ነው። በአማራ ክልል ምዝገባው መጀመሪያ ከተሞከረባቸው ቦታዎች አንዱ ምሥራቅ ጎጃም፣ ጎዛምን ወረዳ ነው፤ ጎጃም በዚህ ቢኮራ አይበዛበትም። ደብተሩ ላይ የባልም የሚስትም ስምና ፎቶ አለ። ስለዚህ ካሳው የሁለቱ ነው፣ ባል ብቻውን ፈርሞ ሊወስደው አይገባም። የእኩል አራሹ ግን ደብተር የለውም። ያረሰው መሬት ሲወሰድ ከባለ ደብተሩ ጋር ተስማምቶ ካልሆነ በቀር ባዶ እጁን ይቀራል።