ካራክተር አክተር ምንድን ነው? ከመቀመጫው ያልተነሣው ዌልሳዊ

ፊልም እያያችሁ አንድ ሰውዬ ብቅ ይላል። «ይህን ሰው እኮ አውቀዋለሁ!» ትላላችሁ። ባለፈው ጊዜ ዳኛ ሆኖ አይታችሁታል፤ ከዚያ በፊት ሐኪም ነበር፤ ከዚያም በፊት ነገር የሚያዋስድ ጎረቤት። መልኩ ዐይናችሁ ላይ አለ፣ ስሙ ግን አይመጣላችሁም። በመጨረሻ የተዋንያኑ ስም ዝርዝር ሲያልፍ ልታነቡት ስትሉ አንዱ ተነሥቶ ቴሌቪዥኑን ያጠፋዋል። ያ ስሙ ያመለጣችሁ ሰው በእንግሊዝኛው የቴአትርና የፊልም ሙያ ቋንቋ «ካራክተር አክተር» ይባላል።

ለቃሉ በአማርኛ ልክክ የሚል አቻ ለማግኘት ሞክሬ አልተሳካልኝም። ቃል በቃል «የገጸ ባሕርይ ተዋናይ» ብንለው ስሕተት አይሆንም፤ ግን ገጸ ባሕርይ የማይጫወት ተዋናይ የት አለ? «ረዳት ተዋናይ» ማለትም አያስኬድም። ረዳትነት በአንድ ፊልም ውስጥ የሚሰጥ ቦታ ነው፤ ዘንድሮ ረዳት የነበረ ከርሞ መሪ ሊሆን ይችላል። ካራክተር አክተርነት ግን ሰውዬው ዕድሜውን ሙሉ የሚኖርበት የሙያ ዓይነት ነው። ወደ መሪው ተዋናይ ፊልም የምንሄደው እሱኑ ለማየት ነው፤ ታሪኩ ውስጥ ምንም ስም ቢሰጡት የምናየው ያንኑ የምንወደውን ሰው ነው። ካራክተር አክተሩን ግን ለማየት ቲኬት የሚቆርጥ ጥቂት ነው። እሱ አንድን የታወቀ ዓይነት ሰው፣ ከነሥራው፣ ከነአረማመዱ፣ ከነንጭንጩ ይዞ ይገባና ሦስት ደቂቃ ቆይቶ ይወጣል። ሥራው ያ ሦስት ደቂቃ ነው።

በሦስት ደቂቃ ምን ይሠራል? ይህን በሐሳብ ብቻ ከማስረዳት አንድ ሰው ይዞ ማሳየት ይቀላል። የመረጥኩት ዴዝመንድ ሉዌሊንን ነው። በነገራችን ላይ የቤተሰብ ስሙ የሚጀምርበትን የዌልስ ድምፅ አብዛኞቹ እንግሊዞችም አያወጡትም፣ የእኛም ፊደል የለውም፤ «ሉዌሊን» ያልኩት አማራጭ አጥቼ ነው። (ከዚህ በታች የምጠቅሳቸው ዓመቶች፣ ወሮችና ቀኖች ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው።)

ሉዌሊን የተወለደው በ1914 በደቡብ ዌልስ፣ ኒውፖርት ውስጥ ነው። ኒውፖርት የዌልስ የከሰል ድንጋይ በመርከብ እየተጫነ ወደ ዓለም ይወጣባት የነበረች የወደብ ከተማ ናት፤ አባቱም የከሰል ማዕድን መሐንዲስ ነበሩ። የመሐንዲስ ልጅ መሆኑን ያዙልኝ፣ በኋላ ያስቃል። ልጁ መሐንዲስነቱን ትቶ ለንደን በሚገኘው የድራማ ጥበብ ንጉሣዊ አካዳሚ ገብቶ ትወና ተማረ። ሥራውን በወጉ ሳይጀምር ሁለተኛው የዓለም ጦርነት መጣ። በአንድ የዌልስ እግረኛ ሬጅመንት ውስጥ ምክትል መቶ አለቃ ሆኖ ዘመተና በ1940 ፈረንሳይ ውስጥ በጀርመኖች ተማረከ። በሃያ አምስት ዓመቱ እስር ቤት ገብቶ በሠላሳ ዓመቱ ወጣ። አንድ ወጣት ተዋናይ በመልኩና በቁመናው የመሪነት ቦታ የሚፈልግበት ዕድሜ እንዳለ እዚያው አለፈ።

ይህን የምለው ላዝንለት አይደለም። ካራክተር አክተሮች ብዙውን ጊዜ ዘግይተው የሚበስሉ ሰዎች ናቸው። ፊታቸው መስመር ሲያወጣ፣ ድምፃቸው ሲጎረና፣ ፀጉራቸው ሲሸሽ ነው ገበያቸው የሚደራው። መሪ ተዋናዩ ሽበት ሲያበቅል ይጨነቃል፤ ለእነሱ ሽበት መተዳደሪያ ነው። ሉዌሊንም ከጦርነቱ በኋላ በመድረክ፣ በቴሌቪዥንና በፊልም ትናንሽ ቦታዎችን እያገኘ ቆየ። በ1950 በወጣ አንድ የጦርነት ፊልም ዌልሳዊ የታንክ ወታደር ሆኖ ሠርቷል። የዚያ ፊልም አዘጋጅ ቴረንስ ያንግ ነበር፤ ከዓመታት በኋላ ጄምስ ቦንድ የተባለውን የእንግሊዝ ሰላይ ፊልሞች የጀመረው እሱ ነው። በመጀመሪያው የቦንድ ፊልም ላይ የመሣሪያ ባለሙያውን ሌላ ተዋናይ ተጫውቶት ነበር። ለሁለተኛው ያ ሰው ስላልተመቸው ያንግ የድሮ የታንክ ወታደሩን አስታወሰ። ዘመኑ 1963 ነው፤ ሉዌሊን ሃምሳ ሊሞላው ጥቂት ቀርቶታል።

ገጸ ባሕርዩ «ኪው» ይባላል። የእንግሊዝኛው ፊደል የስንቅና ትጥቅ ኃላፊ የሚለው ወታደራዊ ማዕረግ መነሻ ነው። የስለላ ድርጅቱ ግምጃ ቤት ጠባቂ በሉት። ያንግ ሰውዬውን በዌልስ ቅላጼ እንዲያወራ ፈለገ። ሉዌሊን ደግሞ ኪውን የሚያየው አፍንጫውን ነፋ ያደረገ እንግሊዛዊ የመንግሥት ሠራተኛ አድርጎ ነበር። እምቢ አላለም። የተሰጠውን ቃል ሆነ ብሎ እጅግ በከፋ የዌልስ ቅላጼ አነበነበለት፤ አገሬ ይቅር ትበለኝ እያለ በሆዱ። ቀጥሎ ያንኑ በእንግሊዝ ቅላጼ ደገመው። አዘጋጁ ሁለተኛውን ወሰደ። የዌልስ ልጅ እንጀራውን ያገኘው የዌልስን አነጋገር አሽሽቶ መሆኑ ትንሽ ይቆጠቁጣል፤ ግን አንድ ነገር ያሳያል። ካራክተር አክተር የሚጫወተው የራሱን መታወቂያ አይደለም። ሰውዬው ማን እንደሆነ ገብቶታል፤ የቀረው አዘጋጁን ማሳመን ብቻ ነበር።

የመጀመሪያውን ትዕይንት ጠጋ ብለን እንየው። ኪው አንድ ተራ የሚመስል ጥቁር የቆዳ ቦርሳ ይዞ ይገባል። ጥይቱ የት የት እንደተደበቀ ያሳያል። ቁልፍ ሲነካ ከጎኑ ጩቤ ይወጣል። ከውስጥ ተጣጥፎ የተቀመጠ ጠመንጃ ከነማነጣጠሪያው አለ። ማሰሪያዎቹ ውስጥ በዚህ ሃያ አምስት፣ በዚያ ሃያ አምስት፣ በድምሩ 50 የወርቅ ሳንቲም ተሰፍቷል። በመጨረሻ የገላ ፓውደር ቆርቆሮ ያወጣል፤ ውስጡ አስለቃሽ ጭስ ነው። ቦርሳውን እንደ ማንኛውም ቦርሳ ከከፈትከው ፊትህ ላይ ይፈነዳል፤ መቆለፊያዎቹን መጀመሪያ እንዲህ አዙራቸው፣ ይላል። አለቀ። ይወጣል።

አሁን እንደ ደራሲ አስቡት። ተመልካቹ ይህን ሁሉ ዝርዝር መስማት አለበት፤ ምክንያቱም በፊልሙ ማብቂያ አካባቢ ባቡር ውስጥ ቦንድ ተንበርክኮ፣ ሽጉጥ ተደግኖበት፣ ከሞት የሚያተርፈው ይኸው ቦርሳ ነው። የወርቁ ሳንቲም ጠላቱን ያጓጓዋል፤ ጭሱ ፊቱ ላይ ይፈነዳል። ተመልካቹ ቀድሞ ካልሰማ ያን ጊዜ «ይህ ደግሞ ከየት መጣ?» ይላል። የዕቃ ዝርዝር ማንበብ ግን አሰልቺ ነው። ችግሩን የሚፈታው ካራክተር አክተሩ ነው። ሉዌሊን ዝርዝሩን እንደ ደረቅ የመዝገብ ቤት ሠራተኛ በጥንቃቄ ስለሚናገረው እኛ ሰውዬውን ስናይ መረጃው ሳናውቀው ጆሯችን ገብቶ ያድራል።

ይሁንና በዚህ ፊልም ኪው ገና ሙሉ ሰው አልሆነም። ሰው የሆነው በሚቀጥለው ዓመት፣ በ1964ቱ «ጎልድፊንገር» ላይ ነው፤ ያደረገውም አንድ የአዘጋጅ ቃል ነው። አዘጋጁ ጋይ ሀሚልተን ነበር። በልምምድ ላይ ሉዌሊን ጠረጴዛው ላይ አቀርቅሮ ይሠራል፤ ሾን ኮነሪ በቦንድነቱ ይገባል፤ ሉዌሊን ብድግ ይላል። እኛ ለሚገባ ሰው «ኖር!» ብለን እንደምንነሣው ማለት ነው። ሀሚልተን አስቆመው። አትነሣ፣ ከቁምነገርም አትቁጠረው፣ ሰውዬውን አትወደውም አለው። ሉዌሊን ግራ ተጋባ። ይህ እኮ ጄምስ ቦንድ ነው፤ እኔ ተራ የመንግሥት ሠራተኛ ነኝ፣ ላደንቀው ይገባል እንጂ እንዴት አልወደውም? ሀሚልተን መለሰለት፦ የለፋህባቸውን መሣሪያዎች አያከብራቸውማ። ሰጥተኸው ሄዶ ሰባብሮ ይመጣል።

ነገሩ በራለት። ከዚያች ቀን ጀምሮ የዓለም ሴቶች የሚያልሙለትን፣ ወንዶች የሚቀኑበትን ጀግና ከወንበሩ ሳይነሣ የሚቀበለው አንድ ሰው ተገኘ። ለቦንድ ደንታ የለውም፤ የሚያሳስበው ንብረቱ በጤና መመለሱ ነው። በዚያው ፊልም ላይ መኪናውን ሲያስረዳው፣ የማርሹን ጫፍ ገልጦ ቀዩን ቁልፍ ብትጫን አጠገብህ የተቀመጠው ሰው በጣራው ወጥቶ ይወረወራል ይለዋል። ቦንድ፣ ትቀልዳለህ መሰለኝ ይላል። ኪው ፊቱን ሳይፈታ፣ በሥራዬ ቀልጄ አላውቅም ይመልሳል። ቤቱ በሳቅ ያልቃል፤ የሚያስቀው ቀልዱ ሳይሆን የሰውዬው አለመቀለድ ነው።

ለእኔ የካራክተር አክተር ትርጉም እዚህ ጋ ነው። ትንሹን ቦታ የሚሞላው የፊት ቅርጽ ወይም እንግዳ ድምፅ ብቻ አይደለም። ሰውዬው ከፊቱ ላለው ሰው ያለው ስሜት ነው። ቂም ይሁን ፍቅር፣ ንቀት ይሁን ፍርሃት፣ አንድ ቁርጥ ያለ ነገር ይዞ ከገባ ሦስቱ ደቂቃ ይበቃዋል።

ጮክ ብሎም የሚሠራ አለ። ከዚያው ከዌልስ፣ ከአንግልሲ ደሴት የተገኘው ሂው ግሪፍዝ የሉዌሊን ተቃራኒ ነው። የባንክ ጸሐፊ ነበር፤ ዐይኑ የፈጠጠ፣ ቅንድቡ የተንጨባረረ፣ ድምፁ የሚያስተጋባ። በ1959ኙ «ቤን ሐር» ላይ የፈረሶች ባለቤት የሆኑትን ሼኽ ተጫውቶ የረዳት ተዋናይ ኦስካር ወስዷል። አራቱን ነጫጭ ፈረሶች ድንኳኑ ድረስ አስገብቶ እንደ ልጆቹ ሲያቆላምጣቸው ያየ አይረሳውም። እሱም የገባው ያንኑ አንድ ነገር ይዞ ነው፤ የፈረስ ፍቅር። ፊቱን ጠይም ቀለም ተቀብቶ ዐረብ መሆኑ ግን ዛሬ ቢሆን ባልተፈቀደለት ነበር፤ ባይፈቀድለትም ትክክል ነው።

ወደ ሉዌሊን ልመለስ። እስከ 1999 ድረስ በ17 የቦንድ ፊልሞች ላይ ኪውን ሠራ። ኮነሪ ሄደ፣ ላዘንቢ መጥቶ ሄደ፣ ሙር፣ ዳልተን፣ ብሮስናን ተተካኩ፤ አምስት ቦንዶች በፊቱ አለፉ። ሮጀር ሙር የሉዌሊንን አስቸጋሪ የቴክኒክ ቃላት እየቀያየረ ያሾፍበት ነበር። የመሐንዲሱ ልጅ ስለ መሣሪያ ምንም አያውቅማ! እኔ የነካሁት ዕቃ ሁሉ ይበላሻል እያለ በየቃለ መጠይቁ ይናገር ነበር። የማይገባውን ነገር እንደ ፈጣሪው ሆኖ ማስረዳት፤ ሙያ ማለት ይኼ ነው።

በ1973 አዘጋጆቹ መሣሪያው በዝቷል ብለው ኪውን ከአንድ ፊልም አስወጡት። ተመልካቹ የት ሄደ ብሎ ጠየቀ፤ በቀጣዩ ፊልም፣ በ1974፣ ተመለሰ። ለሦስት ደቂቃ የሚታይ ሰው ሲጎድል መታወቁ ከማንኛውም ሽልማት በላይ ይመስለኛል። ዋጋም አለው፤ አንድ ፊት ይህን ያህል ሲታወቅ ሌላ ሰው ሆኖ መታየት ይከብደዋል። ሉዌሊን በዚያው ጊዜ በቴሌቪዥን ተከታታይ ድራማ የፈረስ ማገገሚያ ባለቤት የሆነ ኮሎኔል ሠርቷል፤ በ1968 ደግሞ በአንድ የልጆች ፊልም ላይ ተአምረኛዋ መኪና ተጥላ የምትገኝበት ጋራዥ ባለቤት ነበር። ይህም ታሪክ የቦንድ ደራሲ የኢያን ፍሌሚንግ ሲሆን ፕሮዲዩሰሩም ያው የቦንዱ ነው። ከመሣሪያና ከመኪና ሊያመልጥ አልቻለም።

ብዙ ጊዜ የተሰጠው በ1989ኙ ፊልም ነው። ቦንድ ከመሥሪያ ቤቱ አፈንግጦ ብቻውን ሲቀር ኪው ፈቃድ ወስዶ፣ ሻንጣውን በመሣሪያ ሞልቶ፣ «አጎትህ ነኝ» ብሎ ሆቴሉ ድረስ ይመጣል። ሃያ ስድስት ዓመት ሲነጫነጭበት የኖረውን ሰው እንደሚወደው ያን ጊዜ ታወቀ። አንድም የፍቅር ቃል ግን አልተናገረም፤ የሚፈነዳ የማንቂያ ሰዓት ነው ያወጣለት።

የመጨረሻው በ1999 መጣ። ሉዌሊን ሰማንያ አምስት ዓመቱ ነው። ተተኪውን ካስተዋወቀ በኋላ ቦንድን ሁል ጊዜ ላስተምርህ የሞከርኩት ሁለት ነገር ነው ይለዋል፦ አንደኛ፣ ስትደማ አይዩህ። ሁለተኛውስ ሲለው፣ ሁል ጊዜ መውጫ መንገድ ይኑርህ ይልና የቆመበት ወለል ይዞት ቀስ እያለ ወደ ታች ይሰወራል። ፊልሙ በኅዳር ታየ። ታኅሣሥ 19 ቀን መጽሐፍ ላይ ሲፈርም ውሎ በእንግሊዝ ምሥራቅ ሰሴክስ ውስጥ መኪናውን እየነዳ ሲመለስ በደረሰበት ግጭት ሞተ።

በ2012 አዲስ ኪው ተመረጠ፤ ቤን ዊሾው፣ ፊቱ ገና የልጅ። ከቦንድ ጋር የሚገናኙት ለንደን ውስጥ በብሔራዊ የሥዕል ቤተ መዘክር፣ አንድ አግዳሚ ወንበር ላይ ነው። ልጁ መጥቶ አጠገቡ ይቀመጣል። ቦንድ ማን መሆኑን አላወቀም፤ ይቅርታ ጠይቆ ሊሄድ ብድግ ሊል ሲል ልጁ አዲሱ የስንቅና ትጥቅ ኃላፊህ ነኝ ይለዋል። ቦንድ ትቀልዳለህ መሰለኝ አለ። ኪው ከመቀመጫው አልተነሣም።