መንዳት መማር በድሮዋ እንግሊዝ፦ ከፈተና በፊት የነበረው ዘመን

በእንግሊዝ ከ1904 ጀምሮ ለ30 ዓመት ያህል መንጃ ፈቃድ የሚወጣው ያለ ፈተና ነበር (ዓመቶቹ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው)። 5 ሺሊንግ ተከፍሎ ወረቀቱን መቀበል ነው፣ አለቀ። ሕጉ ዕድሜን ከ17 ጀምሮ፣ ፍጥነትን በሰዓት እስከ 20 ማይል ብሎ ወሰነ። ሰውየው መንዳት ይችል እንደሆነ ግን ጠያቂ የለም። ፓሪስ በ1893 መፈተን ጀምራ ነበር።

ሀብታሞች ብዙ ጊዜ የፈረስ ሠረገላ ነጂያቸውን ፋብሪካ ልከው ያስለጥኑ ነበር። እኛም የወረስነው «ሾፌር» የፈረንሳይ ቃል ነው፤ ጥንት የእንፋሎት ሞተር እሳት አንዳጅ ማለት ነበር። በ1910 ስታንሊ ሮበርትስ ደቡብ ለንደን ፔካም ውስጥ የማሽከርከር ትምህርት ቤት ከፈተ። የዓለም የመጀመሪያው የቱ ነው ለሚለው ግን ጀርመኖች በ1904 አሻፈንቡርግ ላይ የተከፈተውን ይጠራሉ።

በ1911 ማንችስተር ውስጥ መገጣጠም በጀመረችው መኪና፣ በፎርድ ቲ ላይ ትንሽ ልቆይ፤ ይገባታል። ፔዳሏ ሦስት ነው፤ የዛሬ ሾፌር ቢረግጣቸው ግን ጉድ ይፈላል። ግራው ማርሽ ነው፦ እስከ ታች ሲረገጥ ዝግተኛው፣ ሲለቀቅ ፈጣኑ። መሃለኛው የኋላ ማርሽ፣ ቀኙ ፍሬን። ነዳጅ የሚሰጠው ከመሪው ሥር ባለች ዘንግ፣ በእጅ ነው። ለማስነሳት ከፊት ለፊት ብረት ይዞ ማዞር ግድ ነው። ከመሪው በግራ ያለችው የእሳት ማስተካከያ (ቤንዚኑን የሚያቀጣጥለው ብልጭታ መቼ እንደሚነሳ የምትወስነው ዘንግ) ቀድማ ካልተመለሰች ብረቱ ተፈናጥሮ አንጓ ይሰብራል። ለዚህም አውራ ጣትን ከአራቱ ጣቶች ጋር በአንድ ጎን ማድረግ ዋናው ትምህርት ነበር። ዳገትም ሌላ ጣጣ አለው። ቤንዚኑ ከመቀመጫው ሥር በራሱ ክብደት ስለሚወርድ፣ ሲጎድል ሞተሩ ዳገት ላይ ይጠፋል። መላው መኪናዋን አዙሮ በኋላ ማርሽ መውጣት ነው!

በ1908 መጀመሪያ ቤንትሊ የተባለ እንግሊዛዊ ለአፄ ምኒልክ መኪና አዲስ አበባ ድረስ አመጣ። ንጉሠ ነገሥቱ ራሳቸው ነድተዋልም ይባላል።

ወደ እንግሊዝ ስንመለስ፣ የመንጃ ፈተናው በማርች 1935 በፈቃደኝነት ተጀመረ፤ ጁን 1 ግዴታ ሆነ። ክፍያው 7 ሺሊንግ ከ6 ፔኒ ነበር። መፈተኛ ጣቢያ ስላልነበረ ፈታኙና ተፈታኙ ባቡር ጣቢያ ወይም ፓርክ ይቀጣጠሩ ነበር። የእኛን «ለማጅ» የሚመስለው ቀይ «ኤል» ሰሌዳም ያኔ መጣ። ከአፕሪል 1934 በፊት መንዳት የጀመሩት ግን ሳይፈተኑ ዕድሜ ልካቸውን ነዱ።