«ሜዳ ላይ ይለይላቸው»፦ የአሜሪካ ኮሌጅ ፉትቦል አባባልና አመጣጡ

አሜሪካውያን ስለ ኮሌጅ ፉትቦል መከራከር ከጀመሩ አንዱ ተነስቶ «ሜዳ ላይ ይለይላቸው!» ማለቱ አይቀርም። ሻምፒዮኑን ጋዜጠኛ በድምፅ፣ ኮምፒውተር በስሌት አይምረጠው፤ ቡድኖቹ ገጥመው አሸናፊው ይታወቅ ማለት ነው። ሌላ ስፖርት ለሚከታተል ሰው ይህ የሚያከራክር ነገር አይመስልም። እዚህ ግን አባባሉ ለብዙ አሥርት ዓመታት የአንድ ወገን፣ ጥሎ ማለፍ ይደረግ የሚሉት ሰዎች፣ መፈክር ሆኖ ነው የኖረው። (ፉትቦል ስንል በእጅ የሚያዘውን የአሜሪካውን ነው፤ ዓመታቱም እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ችግሩ የሚጀምረው ከቁጥር ነው። በእንግሊዝ ፕሪሚየር ሊግ 20 ቡድኖች እርስ በርስ ደርሶ መልስ ይጫወታሉ፤ ነጥብ የበዛለት ዋንጫውን ያነሳል። በኮሌጅ ፉትቦል ከፍተኛው ምድብ ግን ከ130 በላይ ቡድን አለ። እያንዳንዱ በመደበኛው ውድድር 12 ጊዜ ብቻ ይጫወታል፤ ያውም አብዛኛውን በራሱ ኮንፈረንስ (ዩኒቨርሲቲዎች በቡድን በቡድን በሚደራጁበት ሊግ) ውስጥ። ስለዚህ ሁለት ሦስት ቡድን ሳይሸነፍ፣ እርስ በርስም ሳይገናኝ ዓመቱ ሊያልቅ ይችላል። የኮሌጅ ስፖርትን የሚመራው ኤንሲኤኤ ደግሞ በዚህ ምድብ የራሱን ሻምፒዮና አዘጋጅቶ አያውቅም።

ክፍተቱን የሞሉት በፈረንጆች ገናና አዲስ ዓመት ሰሞን የሚደረጉት፣ ቦውል የሚባሉት ግጥሚያዎች ናቸው። የመጀመሪያው ጃንዋሪ 1 ቀን 1902 በካሊፎርኒያዋ ፓሳዲና የጽጌረዳ በዓሉን ለማድመቅ ተደረገ። ሚሺጋን 49 ለ 0 ሲመራ ስታንፎርዶች ስምንት ደቂቃ እየቀረ «በቃን» አሉ። አዘጋጆቹም እስከ 1916 ድረስ ፉትቦሉን ትተው የሠረገላ እሽቅድምድም ሁሉ ሞክረዋል። በ1930ዎቹ ማያሚ፣ ኒው ኦርሊንስና ዳላስ የየራሳቸውን ቦውል ጀመሩ። ዓላማቸው ሆቴልና ስታዲየም መሙላት እንጂ ሻምፒዮን መለየት አልነበረም። ትልልቆቹ ቦውሎች ከየኮንፈረንሱ ጋር ውል እየያዙ በመሄዳቸውም አንደኛውና ሁለተኛው ቡድን የሚገናኙት ሲገጥም ብቻ ሆነ።

ማዕረጉ የሚሰጠው በድምፅ ነበር፤ ከ1936 ጀምሮ በአሶሺየትድ ፕሬስ በኩል ጋዜጠኞች፣ ከ1950 ጀምሮ ደግሞ በዩናይትድ ፕሬስ በኩል አሠልጣኞች ይመርጣሉ። አሠልጣኞቹ የመጨረሻ ድምፃቸውን የሚሰጡት ቦውሎቹ ሳይጀመሩ ነበር። በ1973 ያልተሸነፈውን አላባማን አንደኛ አሉ። ዲሴምበር 31 ምሽት በሹገር ቦውል ኖትር ዳም አላባማን 24 ለ 23 ረታ። ጋዜጠኞቹ ጨዋታውን አይተው ስለመረጡ ማዕረጉን ለኖትር ዳም ሰጡ፤ የአሠልጣኞቹ ሻምፒዮን ግን ተሸናፊው አላባማ ሆኖ በመዝገብ ቀረ። በቀጣዩ ዓመት አሠልጣኞቹም ምርጫቸውን ከቦውሎቹ በኋላ አደረጉት።

በ1998 የመጣው፣ ቢሲኤስ የተባለው ሥርዓት ድምፅና የኮምፒውተር ስሌት ደምሮ ሁለት ቡድኖችን ለአንድ ፍጻሜ ይመርጥ ጀመር። ሁለት ቦታ ብቻ ሲኖር ሦስተኛ ባለመብት ከመጣ ሥርዓቱ ይሰበራል፤ በ2003 ተሰበረ። ዩኤስሲ (የደቡብ ካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ) በጋዜጠኞቹም በአሠልጣኞቹም ምርጫ አንደኛ ሆኖ ሳለ በድምር ሦስተኛ ወጣ። የኮንፈረንሱን ፍጻሜ በካንሳስ ስቴት 35 ለ 7 የተሸነፈው ኦክላሆማ አለፈ፤ በፍጻሜውም ኤልኤስዩ (ሉዊዚያና ስቴት) 21 ለ 14 አሸነፈው። አሠልጣኞቹ የፍጻሜውን አሸናፊ የመምረጥ ግዴታ ነበረባቸው፤ ሦስቱ ግን አሻፈረን ብለው ዩኤስሲን መረጡ። ጋዜጠኞቹም ዩኤስሲን ሻምፒዮን አሉት።

የጥሎ ማለፍ ተቃዋሚዎች መልሳቸው «እያንዳንዱ ሳምንት ጥሎ ማለፍ ነው» የሚል ነበር። አንድ ጊዜ መሸነፍ ዓመቱን የሚያበላሽ ከሆነ የመስከረሙም ጨዋታ እንደ ፍጻሜ ይታያል። ይህ ክርክር ክብደት ነበረው። የፈተና ጊዜና የተጫዋች ድካም የሚሉት ምክንያቶች ግን ውኃ አያነሱም ነበር፤ ኤንሲኤኤ በታችኞቹ ምድቦች ከ1973 ጀምሮ፣ አንድ ደረጃ ዝቅ በሚለው ምድብ ደግሞ ከ1978 ጀምሮ ጥሎ ማለፍ ያካሂዳል።

በመጨረሻ ጁን 2012 የዩኒቨርሲቲ ፕሬዚዳንቶች የአራት ቡድን ጥሎ ማለፍ አጸደቁ፤ በ2014 የውድድር ዘመን ተጀመረ። አባባሉ አሸነፈ ተባለ። ነገር ግን አራቱን የሚመርጠው 13 አባላት ያሉት ኮሚቴ ነበር፤ በቴክሳስ ሆቴል ውስጥ ተሰብስቦ ይመክራል፤ የአንድ አባል ትምህርት ቤት ጉዳይ ሲነሳ አባሉ ክፍሉን ለቆ ይወጣል። ገና በመጀመሪያው ዓመት ሦስተኛ የነበረው ቲሲዩ (ቴክሳስ ክርስቲያን ዩኒቨርሲቲ) አይዋ ስቴትን 55 ለ 3 ካሸነፈ በኋላ ወደ ስድስተኛ ወረደ። በአራተኛነት የገባው ኦሃዮ ስቴት ደግሞ ኦሪገንን 42 ለ 20 ረትቶ ዋንጫውን ወሰደ።

ከሁሉም የከፋው 2023 ነው። ፍሎሪዳ ስቴት 13 ተጫውቶ 13ቱንም አሸነፈ፤ ዋናው ኳርተርባክ (ማጥቃቱን የሚመራውና ኳሱን የሚወረውረው ተጫዋች) ኖቬምበር ላይ ተጎድቶበት ስለነበር ግን ኮሚቴው አንድ ጊዜ የተሸነፈውን አላባማን አስገባ። ደንቡ የቁልፍ ተጫዋች አለመኖርን ማየት ይፈቅዳል። ያም ሆኖ አባባሉን ከሥሩ የሚነቅል ውሳኔ ነበር፤ ሜዳ ላይ ያልተሸነፈ ቡድን «ብትጫወት ትሸነፋለህ» ተብሎ ቀረ። በኦሬንጅ ቦውል በጆርጂያ 63 ለ 3 መሸነፉን ለኮሚቴው ማስረጃ የሚያደርጉ አሉ፤ ከ20 በላይ ተጫዋቾቹ በዚያ ጨዋታ እንዳልተሰለፉ ግን አይናገሩም።

በ2024 የሚገቡት 12 ሆኑ፤ በደረጃ የተሻሉት አምስት የኮንፈረንስ ሻምፒዮኖች በቀጥታ ሲያልፉ ሰባቱ በደረጃቸው ተጨመሩ። ክርክሩ «ሻምፒዮኑ ማን ነው?» ከሚለው ወደ «አሥራ ሁለተኛው ማን ነው?» ወረደ። በዚያ ዓመት በኮሚቴው ሰንጠረዥ 11ኛ የነበረው አላባማ ቀርቶ 16ኛው ክሌምሰን በኮንፈረንስ ዋንጫው ገባ። የመጀመሪያውን ዙር ሳይጫወቱ እንዲያልፉ የተደረጉት አራቱ ሻምፒዮኖች በሩብ ፍጻሜው አንድም ሳይቀሩ ወደቁ፤ ዋንጫውን ያነሳውም በጥሎ ማለፉ ድልድል ስምንተኛ የነበረው ኦሃዮ ስቴት ነው። በሜይ 2025 ደንቡ ተቀየረና ያ ዕድል የኮንፈረንስ ዋንጫ ላነሱት ሳይሆን በኮሚቴው ደረጃ ከአንድ እስከ አራት ለወጡት እንዲሰጥ ተወሰነ።