ወረርሽኝን በቁጥር መከተል፦ ሲሙሌሽንና የቁጥር ዘዴ ከጎንደር ሲታይ

የዛሬው ጎንደር ዩኒቨርሲቲ እ.ኤ.አ. በ1954 ሲጀመር የጤና ባለሙያዎች ማሠልጠኛ ኮሌጅ ነበር። ለመቋቋሙ አንዱ ምክንያት ቀደም ብሎ ደምቢያን የመታው የወባ ወረርሽኝ ነው። አሁን በዚያው ዩኒቨርሲቲ ሒሳብም ይሰጣል። ወረርሽኝና ሒሳብ ደግሞ የቆየ ዝምድና አላቸው።

እ.ኤ.አ. በ1911 እንግሊዛዊው ሐኪም ሮናልድ ሮስ የወባን ስርጭት በእኩልታ ጻፈ። ትንኝን ጨርሶ ማጥፋት ግድ አይደለም፣ ቁጥሯን ከአንድ ወሰን በታች ማውረድ ይበቃል አለ። በ1927 ከርማክና ማኬንድሪክ ሕዝቡን ተጋላጭ፣ ታማሚና ያገገመ ብሎ የሚከፍል ሞዴል አወጡ። ችግሩ፣ እንዲህ ያሉ እኩልታዎች እንደ ኳድራቲክ በአንድ ቀመር አይፈቱም። ተማሪዎች «ኒውመሪካል» የሚሉት፣ መልሱን በትንንሽ እርምጃ እያሰላ የሚጠጋው የቁጥር ዘዴ የሚያስፈልገው እዚህ ጋ ነው።

አዘዞ አካባቢ 1,000 ሰው ያለባት መንደር አለች እንበል። 10 ሰው ጉንፋን ይዞታል። ሌላው ሁሉ ተጋላጭ ነው። አንድ ታማሚ በቀን እስከ 0.4 ሰው ያስይዛል፤ ከታማሚዎቹ አንድ አሥረኛው በየቀኑ ይድናል። ቀኑን በአንድ እርምጃ ካሰላነው፣ አዲስ የሚያዘው 0.4 × 10 × 990 ÷ 1,000፣ ማለትም 3.96 ነው። የሚድነው 1። ስለዚህ ነገ 12.96 ታማሚ ይኖራል። ቀኑን ለሁለት ከፍለን ብንሠራው ግን 13.17 ይመጣል። እርምጃው ባጠረ ቁጥር መልሱ ወደ 13.4 ይጠጋል። ይህ የኦይለር ዘዴ ነው። በአንዱ እርምጃ ውስጥ የለውጡን ፍጥነት ደጋግሞ የሚያሰላው የሩንጌ-ኩታ ዘዴ በአንድ እርምጃ ብቻ 13.4 ላይ ያደርሳል። ተማሪ ሁሉ ፓይተን የተባለውን የኮምፒውተር ፕሮግራም ቋንቋ ከመክፈቱ በፊት ይህን አንዴ በእጁ ቢሠራው ደስ ይለኛል። ላፕቶፑ የሚያወጣው ግራፍ ምን ያህል እንደሚታመን የሚገባው ያኔ ነው።

ደግሞም 0.96 ሰው የሚባል የለም። ሲሙሌሽን፣ ማለትም በኮምፒውተር ማስመሰል፣ እያንዳንዱን ሰው ለየብቻ ይዞ መያዝ አለመያዙን በዕጣ ይወስናል፤ ሺህ ጊዜም ይደግመዋል። በአንድ ታማሚ ብቻ ከጀመርን፣ አንዳንዴ በሽታው ገና ሳይስፋፋ ይከስማል፣ አንዳንዴ መንደሩን ያዳርሳል። ሞንቴ ካርሎ የተባለውን ይህን መንገድ እ.ኤ.አ. በ1940ዎቹ የሒሳብ ሊቃውንቱ ኡላምና ፎን ኖይማን አስፋፉት።

በንጹህ ሒሳብም ስሌት መንገድ ይጠቁማል። ዋና ቁጥሮች (ከ1ና ከራሳቸው በቀር በሌላ የማይካፈሉት) ቁጥሩ እያደገ ሲሄድ እንዴት እንደሚሳሱ የሚናገረው፣ የሒሳብ ሊቁ ጋውስ በልጅነቱ ሰንጠረዥ እየቆጠረ የገመተው የዋና ቁጥሮች ሕግ እ.ኤ.አ. በ1896 ተረጋገጠ። ከዋና ቁጥሮች ጋር የሚያያዘው ሌላ ግምት፣ የመርተንስ ግምት፣ ግን የተሰላው ሁሉ ቢደግፈውም እ.ኤ.አ. በ1985 ውድቅ ሆነ። ውድቅ ያደረጉት የሒሳብ ሊቃውንት ኦድሊዝኮና ቴ ሪየልም የተጠቀሙት የኮምፒውተር ስሌት ነበር።