የጆን አዳምስ ደብዳቤዎች፦ የተሳሳቱ አመለካከቶች እና እውነታው

ስለ አሜሪካ መሥራቾች ሲወራ ጆርጅ ዋሽንግተን አንድ ዶላሩ ላይ አለ። ቶማስ ጄፈርሰን የነጻነት መግለጫውን ጽፏል። ሁለተኛው ፕሬዚዳንት ጆን አዳምስ ግን መሀል ላይ ይረሳል። ከተነሳም ግልፍተኛነቱ ይነሳል፣ ወይም ከሆነ ደብዳቤው ተቆርጦ የወጣ አንድ ዓረፍተ ነገር ከፎቶው ጋር ይለጠፋል።

የሚገርመው እንደሱ ውስጡን አውጥቶ የጻፈ የዘመኑ መሪ ማግኘት ከባድ ነው። ከባለቤቱ ከአቢጌል ጋር ብቻ ከ1,100 በላይ ደብዳቤ ተጻጽፈዋል። ቤተሰቡ በ1956 ወረቀቱን ሁሉ ለማሳቹሴትስ የታሪክ ማኅበር አስረክቧል። ማንም ማንበብ ይችላል፤ ብዙዎቻችን ግን የምናውቀው ግማሽ ግማሹን ነው። ስለ ሰውየው የሚባሉት ስህተቶች አብዛኞቹም የሚመጡት ከዚያው ነው። (ዓመታቱ በሙሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

«ደረቅ ሰው ነበር፤ ፍቅር አያውቅም»

ሥዕሉን ያየ እንዲህ ቢል አይፈረድበትም። ራሰ በራ፣ ደንደን ያለ፣ ፊቱን ያኮሳተረ ሽማግሌ ነው።

ኦክቶበር 4 ቀን 1762 ለአቢጌል ስሚዝ የላካት ወረቀት ግን ሌላ ሰው ታሳያለች። ያኔ እሱ የ26 ዓመት ጠበቃ ነው፣ እሷ 17 ዓመቷ ነው። ደብዳቤውን የጻፈው እንደ ክፍያ ማዘዣ አድርጎ ነው። ለዚህ ወረቀት አምጪ የጠየቀውን ያህል መሳም እንድትሰጪው፣ ከምሽቱ 3 ሰዓት በኋላም የፈለገውን ያህል አብረሽው እንድትቆዪ ታዘሻል፤ ሂሳቡን በእኔ ስም ያዢው ይላል። ወረቀቱን ይዞ የሚመጣው ራሱ መሆኑን መቼም ሳትገምት አትቀርም።

ከሁለት ዓመት በኋላ፣ ሊጋቡ ወራት ሲቀራቸው፣ አዳምስ ለፈንጣጣ ክትባት ቦስተን ውስጥ ተገልሎ ተቀመጠ። ደብዳቤዎቹ በሽታ ይዘው እንዳይወጡ በጢስ ይታጠኑ ነበር። አቢጌል ጉድለቴን ንገረኝ ብላው ስለነበር ቁጭ ብሎ ዘረዘረላት። ካርታ መጫወት አትችይም። አትዘፍኚም። ስትሄጂ የእግርሽ ጣቶች ወደ ውስጥ ይዞራሉ። እግርሽን አነባብረሽ ትቀመጫለሽ። አንገትሽን እንደ ደንገል ትደፊያለሽ፤ ይህም ብዙ ስለምታነቢ፣ ስለምትጽፊና ስለምታስቢ ነው። የመጨረሻዋን «ጉድለት» ልብ በሉልኝ፤ ሙገሳ ነች። እሷም የዋዛ አልነበረችም። ጨዋ ሰው ስለ ሴት እግር ምን አገባው ብላ መለሰችለት። በዚያው ዓመት ኦክቶበር 25 ተጋቡ።

«የግል ደብዳቤ ስለሆነ የልቡን ሁሉ ዘርግፎበታል»

ይሄኛው ትንሽ ማብራሪያ ይፈልጋል። በመጀመሪያ እውነት ነበር። ከዚያ ጉድ ፈላ።

ጁላይ 24 ቀን 1775 አዳምስ ፊላደልፊያ ኮንግረስ፣ ማለትም የቅኝ ግዛቶቹ ተወካዮች ጉባኤ ላይ ነው። ተሰላችቷል፤ በባልደረቦቹም ተናዷል። ሁለት ደብዳቤ ጻፈ፤ አንዱን ለአቢጌል፣ ሌላውን ለወዳጁ ለጄምስ ዋረን። ለሚስቱ፣ የአንዳንዶቻችን ቅብጥብጥነት፣ አመል፣ ከንቱነትና ቁጡነት ሰው ያሳብዳል ዓይነት ነገር ጻፈላት። ለዋረን ደግሞ አንድ «ሀብቱ ትልቅ፣ አእምሮው ትንሽ» ሰው ሥራችንን ሁሉ የማይረባ አስመሰለው አለው። ስም አልጠራም። ግን ሰውየው ከእንግሊዝ ንጉሥ ጋር እርቅ ይሻላል ይል የነበረው የፔንሲልቫኒያው ጆን ዲኪንሰን መሆኑን ያላወቀ አልነበረም።

ደብዳቤዎቹን ይዞ የሄደው ወጣት ጠበቃ ሮድ አይላንድ ላይ ውሃ ሲሻገር በእንግሊዞች እጅ ወደቀ። በኦገስት ሁለቱም ደብዳቤ በእንግሊዝ በተያዘችው ቦስተን ጋዜጣ ላይ ወጣ። በሴፕቴምበር አዳምስ ወደ ጉባኤው ሲሄድ ዲኪንሰንን መንገድ ላይ አገኘው። ኮፍያውን አንስቶ እጅ ነሳ። ዲኪንሰን ዞር ብሎም ሳያየው አለፈ። አዳምስ ይህን ራሱ ማስታወሻው ላይ ጽፎታል። እንዲህ ዘግቶኝ ያልፋል ብሎ አልጠበቀም ነበር መሰለኝ።

ከዚያ በኋላ የጻፈውን ስታነቡ ይህን አትርሱ። በ1778 ፈረንሳይ ከሄደ በኋላ ደብዳቤዎቹ አጫጭርና ቀዝቃዛ ሆኑ። አቢጌል በመኖሪያቸው በብራይንትሪ እርሻውንና ልጆቹን ብቻዋን ይዛ ወራት ትጠብቃለች፤ የሚደርሳት ደግሞ ጥቂት መስመር ነው። ክፉኛ ቅር አላት፣ ጻፈችለትም። እሱ አሜሪካ እያለሁ እንደምጽፈው እዚህ መጻፍ አልችልም አላት። የዓለም ጋዜጣ ሁሉ ላይ ቢወጣ የማታፍሩበትን ካልሆነ መጻፍ አያዋጣም። አንዳንዱ ይህን «ፓሪስ ሄዶ ሚስቱን ረሳ» ብሎ ይተረጉመዋል። እኔ ግን የተቃጠለ ሰው ጥንቃቄ ነው የማየው።

ሌላም ነገር አለ። ጁን 1776 መጀመሪያ ላይ ትልቅ ደብተር ገዝቶ ከዛሬ ጀምሮ ደብዳቤዎቼን እዚህ እገለብጣለሁ አላት፤ አንቺም እንዲሁ አድርጊ አላት። ታሪክ እንደሚያየው ያውቅ ነበር ማለት ነው። አቢጌል በፊናዋ ደብዳቤዎቼን አቃጥላቸው ስትለው ነበር። አላቃጠለም፤ እሰየው።

«አቢጌል በ1776 የሴቶች የምርጫ መብት ጠየቀች»

ማርች 31 ቀን 1776 የጻፈችው «ሴቶችን አስቡ» የሚለው ደብዳቤ በየዓመቱ ለሴቶች ቀን ይወጣል። መውጣቱ ጥሩ ነው። ደብዳቤው ውስጥ ግን ስለ ምርጫ አንዲት ቃል የለም። ያለችው፣ አዲስ ሕግ ስታወጡ ለባሎች ገደብ የለሽ ሥልጣን አትስጡ፤ ወንድ ሁሉ ከቻለ አምባገነን ይሆናል ነው። በዚያ ዘመን ባለትዳር ሴት ንብረቷም ሰውነቷም በባሏ እጅ ነበር። እሷ የነካችው ይህን ቁስል ነው።

እዚያው ደብዳቤ ላይ፣ ወደ መጀመሪያው፣ ባሪያ አሳዳሪዎቹን ቨርጂኒያዎች ትጠራጠራለች። ሌሎችን ነጻነት የነፈገ ሰው የነጻነት ጥማቱ እንደኛ ይበረታል ወይ ትላለች። ይህ ክፍል ሲለጠፍ ብዙ አላየሁም።

የአዳምስ መልስ ሳቅ ነበር። ሕግሽን ሳነብ ከመሳቅ በቀር ምን ላድርግ አላት፤ የወንድ ሥርዓታችንን እንደማንሽር እወቂው ብሎም ጨመረ። ነገሩ እዚህ ቢያልቅ እንደ ቤት ቀልድ ይታለፍ ነበር። ግን የማሳቹሴትሱ ዳኛ ጄምስ ሱሊቫን የመራጭነትን መስፈርት ስለማላላት የጻፈው ደብዳቤ እጁ ሲገባ አዳምስ ሜይ 26 ላይ ኮስተር ብሎ መለሰለት። ይህን በር ከከፈትን ማብቂያ የለውም፤ ሴቶች ድምፅ ይጠይቃሉ፣ ከ12 እስከ 21 ዓመት ያሉ ልጆች ይጠይቃሉ፣ ሳንቲም የሌለው ሁሉ ይጠይቃል አለ። የምርጫውን ጉዳይ ያነሳው እንግዲህ ራሱ ባልየው ነው። ጥያቄው ሳይገባው ቀርቶ እንዳልሳቀም ያሳያል።

«ጁላይ 4 እንደሚከበር አስቀድሞ ተናግሯል»

የጻፈው ጁላይ 2 ብሎ ነው። ኮንግረሱ ለነጻነት ድምፅ የሰጠው ያን ቀን ነበር፤ 4 የጸደቀው ጽሑፉ ነው። በማግስቱ ጁላይ 3 ለአቢጌል ሲጽፍ ቀኑ በሰልፍ፣ በጨዋታ፣ በመድፍ፣ በደወልና በእሳት ይከበራል አለ። ርችቱንና ጫጫታውን በትክክል ገመተ፤ በሁለት ቀን ሳተ።

«ሃይማኖት ባይኖር ዓለም ገነት ትሆን ነበር ብሏል»

በጣም ከሚያናድዱኝ ቅጂዎች ይሄ አንዱ ነው። ቃላቱ የሱ ናቸው፤ ሐሳቡ አይደለም። ኤፕሪል 1817፣ በ81 ዓመቱ፣ ለጄፈርሰን ስለ ልጅነት ቄሱና ስለ ላቲን መምህሩ የሃይማኖት ጭቅጭቅ ያወራዋል። እያነበብኩ ሃያ ጊዜ «ሃይማኖት ባይኖር ይህች ዓለም ከሁሉ የተሻለች ትሆን ነበር» ብዬ ልጮህ ደርሼ ነበር አለ። ቀጥሎ ያለው ነው የሚቆረጠው። እንደዚያ ብል ኖሮ እንደ ሁለቱ አክራሪ እሆን ነበር፤ ያለ ሃይማኖት ይህች ዓለም በጨዋ ሰው ፊት ስሙ የማይጠራ ነገር ትሆናለች፤ ሲኦልን ማለቴ ነው ይላል።

ከዚህ ጋር የሚሄድ ሌላ አለ። «ከአሜሪካኖች ሲሶው አብዮቱን ደገፈ፣ ሲሶው ተቃወመ፣ ሲሶው መሀል ሰፈረ ብሏል» ይባላል። በ1815 ለጄምስ ሎይድ የጻፈው ስለ ፈረንሳይ አብዮት ነው።

«ትዕቢተኛ ነበር፤ ለራሱ አይታወቀውም»

ትዕቢቱስ ነበረ። ግን በ20 ዓመቱ፣ በ1756፣ ማስታወሻው ላይ ከንቱ ውዳሴ መውደድ ዋነኛ ነውሬና ዋነኛ ሞኝነቴ ነው ብሎ ጽፏል። ዕድሜውን ሙሉ ታግሎታል፤ አላሸነፈውም። ማወቅና መተው የተለያዩ ናቸው።

«በሽንፈቱ ተናዶ ለሥልጣን ርክክቡ ሳይቆም ሄደ»

ማርች 4 ቀን 1801 ከሌሊቱ 10 ሰዓት ላይ በሰረገላ ከዋሽንግተን ወጣ። በምርጫ ያሸነፈው ጄፈርሰን ቃለ መሐላ ሲፈጽም አዳምስ መንገድ ላይ ነው። ቂም አልነበረውም አልልም። የሚረሳው ግን ሌላው ሐዘን ነው። ልጁ ቻርልስ ኖቬምበር 30 ቀን 1800 በ30 ዓመቱ ሞቷል፤ መጠጥ ነው የጨረሰው። አባትየው ከዓመት በፊት ክጄዋለሁ ብሎ ለአቢጌል ጽፎ ነበር፤ ሳይታረቁ ተለያዩ። ከተማዋን ከለቀቀ ከ20 ቀን በኋላ ለጄፈርሰን ሲጽፍ፣ በአንድ ወቅት የዓይኔ ደስታና የልቤ ውድ የነበረ ልጅ በአፍላ ዕድሜው ተቀጨብኝ አለ። እዚያው ደብዳቤ ላይ ጸጥታና ብልጽግና ያለበት የሥልጣን ዘመን ከልቡ ይመኝለታል።

«ባልና ሚስት ምንም አይደባበቁም ነበር»

በ1804 የጄፈርሰን ልጅ ፖሊ ሞተች። በልጅነቷ ለንደን ከአቢጌል ጋር ከርማ ነበር። አቢጌል አላስቻላትምና ለጄፈርሰን የሐዘን ደብዳቤ ላከች። እሱ መለሰ፤ ግን በመልሱ ፖለቲካ አነሳ። ከዚያ ወዲያ ደብዳቤው ሐዘን ሳይሆን ክርክር ሆነ፤ እሷም አልማረችውም። አዳምስ የሰማው ሁሉም ካለቀ በኋላ በኖቬምበር ነው። መጨረሻው ላይ፣ ይህ ሁሉ የተጀመረውም የተካሄደውም ሳላውቅና ሳልጠረጥር ነው ብሎ ጻፈበት።

«ከጄፈርሰን ጋር ያስታረቃቸው አንድ ሕልም ነው»

ሕልሙ ተረት አይደለም። የሁለቱም ወዳጅ ዶክተር ቤንጃሚን ረሽ በ1809 ለአዳምስ፣ ሁለታችሁ ስትታረቁ በሕልሜ አየሁ ብሎ ጻፈለት። አዳምስ ተደሰተ። ግን ከዚያ በኋላ ሁለት ዓመት ምንም አላደረገም። በ1811 ሁለት የጄፈርሰን ጎረቤቶች አዳምስ የሚኖርበት ኩዊንሲ ድረስ ሊጠይቁት መጡ። ጄፈርሰንን ድሮም እወደው ነበር፣ አሁንም እወደዋለሁ አላቸው፤ ወሬውም የጄፈርሰን ቤት ሞንቲቼሎ ደረሰ። ረሽም ከሁለቱም ወገን መወትወቱን አልተወም።

ጃንዋሪ 1 ቀን 1812 አዳምስ አጭር ደብዳቤ ላከ። በልጅነቱ የአንተን ትኩረትና ደግነት ያገኘ ሰው ያዘጋጀው ሁለት ቁራጭ የሀገር ቤት ሽመና ልኬልሃለሁ አለው። ጥቅሉ ዘገየ፤ ደብዳቤው ቀደመ። ጄፈርሰን የምር ጨርቅ መስሎት ስለ ቨርጂኒያ የቤት ውስጥ ሽመና ዘርዝሮ መለሰ። ኋላ ጥቅሉ ሲፈታ የወጣው የአዳምስ ልጅ ጆን ክዊንሲ ሃርቫርድ ላይ ያስተማረው የንግግር ጥበብ ትምህርት ነው፤ በሁለት ቅጽ የታተመ።

ከዚያ እስከ 1826 ድረስ 158 ደብዳቤ ተጻጻፉ። እዚህም የተለመደው ሥዕል እኩል የሚመላለሱ ሁለት ጠቢባን ነው። እኩል አልነበረም፤ 109ኙ የአዳምስ፣ 49ኙ የጄፈርሰን ናቸው። አዳምስ አልከፋውም። በ1813 እንዲህ ብሎት ነበር፦ «ውድ ጌታዬ፣ እኔ አራት ስጽፍ እርስዎ አንድ ቢመልሱ ግድ የለም፤ የእርስዎ አንዱ ከእኔ አራቱ ይበልጣል።»